ስም ከመቃብር በላይ፦ የሞት ፍርሃትና የሕይወት ትርጉም ፍለጋ

(የዝግጅቱ መክፈቻ ሙዚቃ)

የዛሬው የሥነ ልቦና ዝግጅታችን በየቤታችን ስሙ ሲነሳ ደስ የማይለንን ጉዳይ ይዞ ቀርቧል። በቤተሰብ መሃል አንድ ሰው «እኔ የሞትኩ እንደሆነ…» ብሎ ሲጀምር «ኧረ ምን ያሟርትሃል! ክፉ አይንካህ!» ብለን ወሬውን ከአፉ እንነጥቀዋለን። እንዲህ የምንለው ሰውየውን ስለምንወደው ነው። ያም ሆኖ ፍርሃቱ በዝምታችን አይጠፋም። በፍርዳችን፣ በጠባችን፣ ለገንዘብ ባለን ጉጉት፣ ለልጆቻችን በምንመኘው ሁሉ ውስጥ ሳናስተውለው ይገባል።

ዛሬ የማካፍላችሁ ዋና ሐሳብ ይህ ነው፦ ሞትን መፍራት ነውርም በሽታም አይደለም። ፍርሃቱን ሳናውቀው ስንቀር ግን በሰው ላይ ሊያስጨክነን ይችላል፤ አውቀነው ከሰው ጋር ስንካፈለው ደግሞ ለምን እንደምንኖር ያስጠይቀናል። በንግግሬ የምጠቅሳቸው ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

(አጭር ሙዚቃ)

ፍርሃቱ ከየት ይጀምራል? እንስሳ አደጋ ሲመጣበት ይሸሻል፤ አደጋው ካለፈ ወደ ግጦሹ ይመለሳል። ሰው ግን ጠግቦ፣ በሩን ዘግቶ በሰላም በተኛበት ሌሊት እንኳ አንድ ቀን እንደሚሞት ያውቃል። ይህ እውቀት ደግሞ አብሮን አይወለድም። ቀስ በቀስ እንደርስበታለን።

ማሪያ ናጊ የተባለች የሃንጋሪ የሥነ ልቦና ባለሙያ በቡዳፔስት ዕድሜያቸው ከ3 እስከ 10 ዓመት የሆኑ 378 ልጆችን ስለ ሞት አጥንታ፣ ውጤቱን በ1948 አሳትማለች። ከአምስት ዓመት በታች ያሉት ሞትን እንደ መንገድ መሄድ ወይም እንደ እንቅልፍ ያዩት ነበር። ከእነሱ ከፍ ከሚሉት ብዙዎቹ ሞትን መጥቶ ሰው የሚወስድ አካል አድርገው ይስሉታል፤ ብልጥ የሆነ ሰው ሊያመልጠው የሚችል ይመስላቸዋል። ሞት ማንንም እንደማይተው የተረዱት ወደ ዘጠኝና አስር ዓመት ሲጠጉ ነው። ከናጊ በኋላ የመጡ ተመራማሪዎች ደግሞ ብዙ ልጆች ከዚህም ቀድመው፣ ከአምስት እስከ ሰባት ዓመት ባለው ጊዜ፣ የሞተ እንደማይመለስ እንደሚገባቸው አሳይተዋል።

ወላጆች፣ ይህን ልብ በሉልኝ። አንድ የአራት ዓመት ልጅ «አያቴ መቼ ነው የምትመጣው?» ብሎ ሲጠይቅ «ተኝታለች» ካላችሁት፣ ማታ መተኛት ሊያስፈራው ይችላል። «ሩቅ አገር ሄዳለች» ካላችሁት፣ በር በተንኳኳ ቁጥር ይጠብቃታል፤ ሳትመጣ ስትቀርም የጠላችው ሊመስለው ይችላል። «አያትህ ሞታለች። ሰውነቷ መሥራት አቁሟል፣ አትመለስም። እኛ ሁላችንም አዝነናል፤ አንተም ብታለቅስ ምንም አይደለም» ማለት ለልጅ ከባድ ይመስላል። ልጁ ግን በዚህ መልስ ላይ መደገፍ ይችላል። እምነታችሁ ስለ ነፍስ የሚያስተምረውንም ከዚያ ቀጥላችሁ ትነግሩታላችሁ።

(አጭር ሙዚቃ)

ይህን ጉዳይ ለዘመናችን የሥነ ልቦና ጥናት አንገብጋቢ ያደረገው ሰው ኧርነስት ቤከር ይባላል። በ1924 በአሜሪካ፣ በማሳቹሴትስ ግዛት ተወለደ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በእግረኛ ጦር ውስጥ ዘምቶ፣ አንድ የናዚ ማጎሪያ ካምፕ ነጻ ሲወጣ በቦታው ነበር። ከጦርነቱ በኋላ የባህል አንትሮፖሎጂ ተምሮ የዩኒቨርሲቲ መምህር ሆነ። «ሞትን መካድ» የሚለውን መጽሐፉን ያሳተመው በ1973 ነው።

የቤከር ክርክር እንዲህ ነው። ሰው በሐሳቡ ከዋክብትን ይመረምራል፣ ዘመናትን ይሻገራል። ሥጋው ግን እንደማንኛውም እንስሳ ይታመማል፣ ያረጃል፣ ይፈርሳል። ይህን እውነት ቀኑን ሙሉ ፊት ለፊት እያየ መሥራት፣ መብላት፣ መውደድ ስለማይችል ይሸፍነዋል። መሸፈኛውን የሚሰጠው ማኅበረሰቡ ነው። እያንዳንዱ ማኅበረሰብ ለአባላቱ «እንዲህ ያደረገ ከንቱ አልቀረም» የሚላቸው ሥራዎች አሉት፦ ልጅ ማሳደግ፣ አገር መጠበቅ፣ መጽደቅ፣ መማር፣ መክበር። እነዚህን ስንፈጽም ከሞታችን የሚተርፍ ነገር እንዳለን ይሰማናል።

የሂሮሺማን የአቶሚክ ቦምብ ተራፊዎች ያጠናው የሥነ አእምሮ ሐኪም ሮበርት ጄይ ሊፍተንም ወደዚሁ የቀረበ ነገር ተናግሯል። ሰው በልጅ ልጆቹ፣ በእምነቱ፣ በሥራው፣ ከእሱ በኋላ በሚኖረው በተፈጥሮ በኩልም ከሞት በኋላ መቀጠልን ይሻል አለ። የእኛም አበው «ስም ከመቃብር በላይ ይውላል» ሲሉ ይህን ምኞት ያውቁታል። ገበሬው ፍሬውን ላይበላው የሚችለውን ዛፍ ይተክላል፤ እናት የልጅ ልጇን በባሏ ስም ትጠራለች፤ ነጋዴው ለደብሩ ወይም ለመስጊዱ አጥር ያሠራል። በዚህ ምኞት የተነሳ ብዙ መልካም ነገር ተሠርቷል።

ቤከር ያሳሰበው ግን የምኞቱ ሌላ መልክ ነው። የእኔ እምነት፣ የእኔ ወገን፣ የእኔ አኗኗር ከሞት የሚያስጥለኝ ከሆነ፣ በሌላ መንገድ የሚኖር ሰው በመኖሩ ብቻ መጠለያዬን ያናጋብኛል። እሱ ልክ ከሆነ እኔ ምን ልሆን ነው? ስለዚህ ልለውጠው፣ ላዋርደው፣ አንዳንዴም ላጠፋው እነሳለሁ። በማጎሪያ ካምፕ የሰው ልጅ በሰው ላይ ያደረገውን ያየው ቤከር፣ ታላላቅ ክፋቶች የሚሠሩት ክፋትን ለማጥፋት በሚል ስም መሆኑን አጥብቆ ጽፏል።

መጽሐፉ በታተመበት ሰሞን ቤከር ራሱ በካንሰር ታምሞ ነበር። ሳም ኪን የተባለ ጸሐፊ ካናዳ፣ ቫንኩቨር ውስጥ በሆስፒታል አልጋው ላይ ሳለ ሄዶ አነጋገረው። ቤከር ስለ ሞት የጻፈው ሁሉ አሁን በራሱ ላይ እየተፈተነ መሆኑን ነገረው። ሕመሙ እያሠቃየው ስለ ሥራው፣ ስለ እምነቱ፣ ስለ ፍርሃቱ አወሩ። ሲጨርሱ በራስጌው በትንሽ የወረቀት ኩባያ የተቀመጠች ለመድኃኒት የታዘዘች ወይን ነበረች፤ እሷን ተካፍለው ጠጡና ተለያዩ። ቤከር በመጋቢት 1974፣ በ49 ዓመቱ አረፈ። ከሁለት ወር በኋላ መጽሐፉ የፑሊትዘርን ሽልማት አገኘ። የሞትን ፍርሃት ያጠናው ሰው በመጨረሻው ሰዓት የፈለገው ከአንድ ሰው ጋር በእውነት መነጋገርን ነበር። ይህን ያዙልኝ፤ ቆይተን እንፈልገዋለን።

(አጭር ሙዚቃ)

ቤከር አሳቢ እንጂ ሐሳቡን በሙከራ የፈተነ ሰው አልነበረም። ፈተናውን የተረከቡት ጄፍ ግሪንበርግ፣ ሼልደን ሶሎሞን እና ቶም ፒዚንስኪ የተባሉ ሦስት አሜሪካውያን የሥነ ልቦና ተመራማሪዎች ናቸው። በ1980ዎቹ «ቴረር ማኔጅመንት» የሚባለውን፣ ሰው የሞትን ድንጋጤ እንዴት እንደሚቋቋም የሚያስረዳውን ንድፈ ሐሳብ አቀረቡ።

በስፋት የሚጠቀሰው ሙከራቸው በ1989 የታተመው ነው። በአሪዞና ግዛት፣ በቱሳን ከተማ 22 ዳኞች ተሳተፉበት። ለሁሉም መጠይቅ ተሰጣቸው። ከዳኞቹ ግማሾቹ በመጠይቁ መሃል ሁለት ተጨማሪ ጥያቄዎች ገጠሟቸው፦ የራስህን ሞት ስታስብ ምን ይሰማሃል? ስትሞትና ከሞትክ በኋላ በሰውነትህ ላይ ምን የሚደርስ ይመስልሃል? ከዚያ ሁሉም በዝሙት አዳሪነት ስለተከሰሰች አንዲት ሴት ተመሳሳይ ፋይል አንብበው፣ የዋስትና ገንዘብ እንዲወስኑ ተጠየቁ። ስለ ሞት ያልተጠየቁት ዳኞች በአማካይ 50 ዶላር ወሰኑ። ስለ ሞታቸው የጻፉት 455 ዶላር ወሰኑ።

እስቲ አስቡት። ዳኞች ናቸው፤ ሕግ የተማሩ፣ ስሜታቸውን ከፍርድ እንዲለዩ የሠለጠኑ። ፋይሉ አንድ ነው፣ ሕጉ አንድ ነው። ተመራማሪዎቹ በተማሪዎች ላይ ሲደግሙት ደግሞ ቅጣቱን ያከበዱት ቀድሞም ድርጊቱን የሚጠየፉት ብቻ ሆነው ተገኙ። በሌላ ሙከራ ደግሞ ሞታቸውን ያሰቡት ሰዎች፣ ወንጀለኛ እንዲያዝ ለረዳች ሴት ከፍ ያለ ሽልማት ይገባታል አሉ። ሞት ሲታሰብ በጎ የምንለውን ይበልጥ እናከብራለን፣ ነውር የምንለውን ይበልጥ እንቀጣለን ማለት ነው።

እዚህ ላይ እንደ አስተማሪ ሙሉውን ሥዕል ልስጣችሁ። በ2010 የታተመ አንድ ግምገማ 277 ሙከራዎችን ሰብስቦ ንድፈ ሐሳቡን የሚደግፍ ውጤት አግኝቷል። በ2022 የታተመ ሌላ ጥናት ግን 21 ቤተ ሙከራዎችን አስተባብሮ፣ ከ2 ሺህ በላይ ሰዎችን አሳትፎ፣ ከቀደሙት ሙከራዎች አንዱን ሲደግመው የተጠበቀውን ለውጥ አላገኘም። ስለ ውጤቱ ክርክሩ ቀጥሏል። ስለዚህ ሁለት ጥያቄ ማንንም ሰው ወዲያው ይለውጣል ብላችሁ አትመኑ። ዳኞቹ የሚያስተምሩን ግን አንድ ልማድ አለ። በሌላ ሰው ላይ ከመጠን ያለፈ ቁጣ ሲነሳብኝ «የበደለኝ ይህ ሰው ነው ወይስ ሌላ ያስፈራኝ ነገር አለ?» ብዬ ራሴን መጠየቅ። ሕመም፣ ሐዘን፣ ጦርነት ወይም ወረርሽኝ በከበበን ጊዜ ይህ ጥያቄ የሰው ሕይወት ሊያተርፍ ይችላል። በፍርሃት ውስጥ ላለ ሕዝብ ጠላት ማሳየት ቀላል ነውና።

(አጭር ሙዚቃ)

እንግዲህ ይህን ፍርሃት ምን ያለዝበዋል? ቤከር በመጨረሻው ሰዓት የፈለገውን አስታውሱ። ማሪዮ ሚኩሊንሰርና ቪክቶር ፍሎሪያን የተባሉ የእስራኤል ተመራማሪዎች ከባልደረቦቻቸው ጋር ባደረጓቸው ጥናቶች፣ የቅርብ ዝምድና ራሱ የሞትን ፍርሃት እንደሚመክት አሳይተዋል። በፍቅር ግንኙነታቸው ተማምነው የሚኖሩ ሰዎች ሞታቸው ሲታወሳቸው ሌላውን ወደ መኮነን አይቸኩሉም፤ ወደሚወዱት ሰው መቅረብን ይፈልጋሉ።

ይህን ስንሰማ የለቅሶ ሥርዓታችን ትዝ ይለናል። ድንኳን ሲተከል፣ የእድሩ ወንበርና ድስት ሲመጣ፣ ጎረቤት ተራ ገብቶ ንፍሮ ሲቀቅል፣ ሐዘንተኛው ብቻውን አያድርም። ሠልስቱ፣ አርባው፣ ሙት ዓመቱ እያለ ማኅበረሰቡ በየጊዜው እየተመለሰ ይጠይቀዋል። በሙስሊም ወገኖቻችንም ጀናዛ ማጀብና ለቅሶ መድረስ የጎረቤት ኃላፊነት ተደርጎ ይታያል። መርዶ ሲነገርም ሽማግሌዎችና የቅርብ ዘመዶች ተጠራርተው፣ ማለዳ ላይ ሄደው ነው የሚያረዱት፤ ሰው ድንጋጤውን ብቻውን እንዳይሸከም።

ዛሬ ግን ከዚህ ሥርዓት ርቀው የሚኖሩ ብዙ ወገኖች አሉን። በባሕረ ሰላጤው አገሮች በሰው ቤት የምትሠራ እህታችን የእናቷን ሞት በስልክ ሰምታ፣ እንባዋን ጠርጋ እራት ማቅረብ ሊኖርባት ይችላል። ዋሽንግተንም ቴል አቪቭም ያለው ሰው ለቀብር ላይደርስ ይችላል። ስለዚህ ውጭ አገር ላለ ሰው ሞት የምትነግሩ ሁሉ፣ እባካችሁ መጀመሪያ በአቅራቢያው ያለ ወዳጅ ፈልጉ። ሰው አጠገቡ ሲቀመጥ ንገሩት። በሳምንቱም፣ በአርባውም ደውሉለት።

በሌላ በኩል ሥርዓታችን ከሞት በኋላ ያለውን ሐዘን እንጂ ከሞት በፊት ያለውን ፍርሃት እምብዛም አይካፈልም። አባት በጽኑ ሲታመም ቤተሰቡ ሐኪሙን ከበር ውጭ ጠርቶ «ለእሱ እንዳይነግሩት» ይላል። ታማሚው ግን ከልጆቹ ፊት ያነበዋል። እሱ እንዳይጨነቁ ብሎ ዝም ይላል፤ እነሱ እንዳይደነግጥ ብለው ዝም ይላሉ። ሁሉም ተዋድደው፣ ሁሉም ለየብቻቸው ይፈራሉ። ምርቃቱ ሳይሰጥ፣ ይቅርታው ሳይጠየቅ፣ አደራው ሳይነገር ጊዜው ያልፋል። ሁሉም ሰው ሁሉን ማወቅ አለበት አልልም። አንድ ጥያቄ ግን በጨዋ ደንብ መጠየቅ ይቻላል፦ «አባባ፣ ስለ ሕመምዎ ምን ያህል ማወቅ ይፈልጋሉ?» ከዚያ በኋላ የሚመራን የእሱ መልስ ነው።

(አጭር ሙዚቃ)

የሞት እውቀት አንድ ሌላ ነገርም ያደርጋል፤ ዋናውን ከትርፉ ይለይልናል። የስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲዋ ሎራ ካርስተንሰን ሰዎች ነጻ ጊዜ ቢያገኙ ከማን ጋር ማሳለፍ እንደሚመርጡ ታጠና ነበር። አረጋውያን በብዛት የቅርብ ሰዎቻቸውን ይመርጣሉ፤ ወጣቶች ለአዲስ ትውውቅም ቦታ ይሰጣሉ። ምክንያቱ ዕድሜ ብቻ ነው? ለዚህ ሆንግ ኮንግ በ1997 ከብሪታንያ ወደ ቻይና ልትመለስ ስትል የተደረገ ጥናት ጥሩ መልስ ሰጠ። ርክክቡ አንድ ዓመት ሲቀረው ልዩነቱ እንደተለመደው ነበር። ሁለት ወር ሲቀረው ግን ወጣቱም እንደ አዛውንቱ የቅርብ ሰዎቹን መረጠ። ርክክቡ ካለፈ ከዓመት በኋላ ልዩነቱ ተመለሰ። ሰው የሚያውቀው ነገር ወደ ማብቂያው መቃረቡን ሲያስብ፣ በማንኛውም ዕድሜ ቢሆን ወደሚወዳቸው ይዞራል ማለት ነው።

ስለ ትርጉም ፍለጋ ስናወራ ቪክቶር ፍራንክልን ሳናነሳ አናልፍም። የቪየና ተወላጅ፣ አይሁዳዊ የአእምሮ ሐኪም ነበር። በ1942 ከባለቤቱና ከወላጆቹ ጋር ወደ ቴሬዚንሽታት ጌቶ ተወሰደ፤ በ1944 ደግሞ ወደ አውሽቪትዝ የናዚ ማጎሪያ ካምፕ። አባቱ፣ እናቱ፣ ወንድሙ፣ ባለቤቱ አለቁ። ወደ ካምፕ ሲገባ ይዞት የነበረው የመጽሐፍ ረቂቅ ተወሰደበት። በመጨረሻው ካምፕ በተስቦ ታምሞ ሳለ፣ ሌሊት ራሱን ላለመሳት ያንን መጽሐፍ በተገኘው ቁራጭ ወረቀት ላይ እንደገና ይጽፍ ነበር። በሚያዝያ 1945 ነጻ ወጣ።

ፍራንክል ሰው ትርጉምን በሦስት መንገድ ያገኛል ይላል፦ ለዓለም በሚያበረክተው ሥራ፣ በሚሰጠውና በሚቀበለው ፍቅር፣ እንዲሁም ሊያስቀረው የማይችለው መከራ ሲመጣ በሚመርጠው አቋም። ሦስተኛውን በጥንቃቄ ስሙት። ሊቀር የሚችል መከራ መቅረት አለበት፤ የሚድን በሽታ ይታከማል፣ በደልም ይቁም። ምንም ማድረግ ሲያቅተን ግን እንዴት እንደምንቀበለው መምረጥ ይቀረናል።

ይህ ሐሳብ ወደ ሐኪም ቤትም ገብቷል። በኒው ዮርክ ሜሞሪያል ስሎን ኬተሪንግ የካንሰር ማዕከል የሥነ አእምሮ ሐኪሙ ዊሊያም ብራይትባርት ከፍራንክል ተነስቶ፣ ካንሰራቸው ለጠናባቸው ሰዎች ትርጉም ላይ የሚያተኩር የምክር አገልግሎት አዘጋጀ። ታማሚዎች በስምንት ስብሰባዎች ከየት እንደመጡ፣ ምን እንዳበረከቱ፣ ማንን እንደሚወዱ፣ ለተተኪዎቻቸው ምን እንደሚያወርሱ ይነጋገራሉ። በተደረጉት ጥናቶች፣ ተራ የድጋፍ ቡድን ውስጥ ከተካፈሉት ይልቅ የእነዚህ ሰዎች የትርጉም ስሜት ከፍ ብሎ ተገኝቷል። በሽታው ባይድንም የቀረው ቀን ከባዶነት ድኗል።

(አጭር ሙዚቃ)

አድማጮቼ፣ ከዚህ ሁሉ ዛሬውኑ የምንጀምራቸው ሦስት ነገሮች አሉ። አንደኛ፣ ከምትቀርቡት አንድ ሰው ጋር ስለዚህ ጉዳይ በግልጽ ተነጋገሩ። ኑዛዜም ቢሆን፣ የልጆች አደራም ቢሆን፣ በጤና ጊዜ ሲነገር ማሟረት አይሆንም፤ ለሚተርፉት ማሰብ ነው። ሁለተኛ፣ ቤታችሁ ያሉትን ሽማግሌዎች ሕይወታቸውን አስተርኳቸው። «እማማ፣ በልጅነትዎ እንዴት ነበር?» ብላችሁ በስልካችሁ ቅዱላቸው። ለእርሳቸው ሕይወታቸው ከንቱ እንዳልነበር ይነግራቸዋል፤ ለእናንተም ከማን እንደተረከባችሁ ያሳውቃችኋል። ሦስተኛ፣ ስማችሁ ከመቃብር በላይ እንዲውል የምትፈልጉበትን ሥራ ምረጡና ሰው የሚጎዳ መሆን አለመሆኑን መርምሩት። ሌላውን አሳንሶ የሚተክል ስም አይበጀንም።

ፍርሃቱ ከአቅም በላይ የሚሆንበት ሰውም አለ። ልብ በድንገት በኃይል እየመታ፣ ትንፋሽ እያጠረ «አሁን ልሞት ነው» የሚል ስሜት የሚደጋገምባችሁ፣ እንቅልፍና ሥራ የነሳችሁ ከሆነ ሐኪም አማክሩ፤ ሕክምና አለው። መሞትን የምትመኙ፣ ራሳችሁን ለመጉዳት የምታስቡ ካላችሁ ደግሞ ዛሬውኑ ለምታምኑት ሰው ንገሩ፣ ወደ ጤና ተቋምም ሂዱ። እንዲህ ያለ ነገር ስትሰሙ እናንተም አትገሥጹ፣ ብቻውንም አትተዉት፤ አብራችሁት ሂዱ።

ሞት ለማንም አይቀርም፤ ይህን ለማወቅ ትምህርት አያስፈልግም። ትምህርት የሚያስፈልገው ፍርሃቱን ምን እንደምናደርገው ለማወቅ ነው። አንዱ በፍርሃቱ ግንብ ይሠራና ሌላውን ውጭ ያስቀራል። ሌላው ሟችነቱን አውቆ፣ ከእሱ ጋር ለሚሞቱት ሁሉ ይራራል። ይህ ምርጫ በዳኛው ወንበር ላይም፣ በታማሚው አልጋ ዳርም፣ ልጅ ሲጠይቀንም በየቀኑ ይቀርብልናል። ርኅራኄውን እንድንመርጥ ከልብ እለምናችኋለሁ።

ለዛሬ ያዘጋጀነው ይህ ነበር።

(የመዝጊያ ሙዚቃ)